ሦስት ጊዜ የተለካው ደረጃ

ዴንቨር የሄድኩት አገር ለማየት አልነበረም፤ ለሽምግልና ተጠርቼ ነው። የወንድሜ ልጅ ሄኖክ ሰናይት የምትባል ልጅ ወደደና አባቷን የሚጠይቅለት ሰው አጣ። አባቷ አቶ ሀብቶም የአስመራ ሰው ናቸው። ያን ጊዜ ሁለቱ አገሮች ገና አልታረቁም፤ ድንበሩ ዝግ፣ ስልኩ ዝግ። የሄኖክ አባት፣ ታናሽ ወንድሜ መኮንን፣ የሞተው በዚያው በድንበሩ ጦርነት ነው። የአቶ ሀብቶም ወንድም ደግሞ በወዲያኛው ወገን ተሰልፎ እዚያው ቀርቷል። እንግዲህ የምን ዓይነት ሽምግልና እንደነበር ከወዲሁ ይግባችሁ።

ሄኖክ በስልክ "ጋሼ፣ ሌላ ሰው ብልክ አይሆንም። እርስዎ ካልመጡ እሳቸው እሺ አይሉኝም" አለኝ። ያሳደግኩት እኔ ነኝ፤ እምቢ የምልበት አንጀት የለኝም። ቪዛው እንዴት እንደተገኘ አልነግራችሁም፤ እሱን ከጀመርኩ ዴንቨር ሳንደርስ ወረቀቱ ያልቃል። ይህን የምጽፈው ከብርድ ልብስ ፋብሪካው አብራችሁኝ ጡረታ ለወጣችሁ ጓደኞቼ ነው። ከተመለስኩ ጀምሮ አንዱን ወሬ ስንት ጊዜ አስወራችሁኝ! በቃ፣ አንብቡትና ተዉኝ።

ረቡዕ ማለዳ በሚኒባስ ከደብረ ብርሃን ተነሣሁ። ባለቤቴ ለሄኖክ ብላ ከበግ ፀጉር የተሠራ ወፍራም የመንዝ ባና ሻንጣው ውስጥ ጠቅጥቃ ስለነበር፣ ቦሌ ላይ ሲመዘን በዛ ተባልኩ። ባናውን አውጥቼ ለበስኩት፤ ሻንጣውም አለፈ። እንደለበስኩ ሌሊቱን በረርኩ፣ እንደለበስኩ ዋሽንግተን ላይ አውሮፕላን ቀየርኩ፣ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ እንደለበስኩ ዴንቨር ወረድኩ። ሄኖክ ከሩቅ ሲያየኝ መጀመሪያ ሳቀ፣ ከዚያ አለቀሰ፣ ከዚያ ባናውን ተቀበለኝ።

ኤርፖርቱ ከከተማው ርቆ ባዶ ሜዳ ላይ ነው የተቀመጠው። ጣራው ነጭ ነው፤ የሰርግ ድንኳን ደርድረው የተዉት ይመስላል። ስንወጣ መንገድ ዳር አንድ ግዙፍ ሰማያዊ ፈረስ በኋላ እግሮቹ ቆሟል፤ ዓይኑ ቀይ ይበራል። "ይኼ ምንድን ነው?" ብለው ሄኖክ "ሐውልት ነው ጋሼ። ገና ሲሠራ ቁራጩ ወድቆበት ሠሪውን ገድሎታል" አለኝ። እኛ አገር ሰው የወጋ በሬ ከግቢ ይወጣል። እነዚህ ከተማቸው በር ላይ አቁመው እንግዳ ይቀበሉበታል።

መኪና ውስጥ ሄኖክ የውሃ ጠርሙስ አስጨበጠኝ። "በደንብ ይጠጡ ጋሼ። ሃይ አልቲቲዩድ ስለሆነ አዲስ ሰው ያዞረዋል፣ ትንፋሽም ያሳጥረዋል።" ከተማዋ በከፍታዋ የምትኮራ ናት፤ ቅጽል ስሟም አንድ ማይል ከፍታ ያላት ከተማ ማለት ነው። አንድ ማይል ስንት እንደሆነ ጠየቅኩት። አንድ ሺህ ስድስት መቶ ሜትር ገደማ ነው አለኝ። ደብረ ብርሃን እኮ ሁለት ሺህ ስምንት መቶ ገደማ ላይ ናት! "ልጄ፣ እኔ ወደ ቆላ ነው የወረድኩት" አልኩት። አልተከራከረኝም፤ ውሃውን ግን እስከ መጨረሻው አስጠጣኝ።

ሄኖክ የሚኖረው ኦሮራ ውስጥ ፒዮሪያ ስትሪት ላይ ነው፤ ኦሮራ ከዴንቨር ጋር የተጣበቀች ከተማ ናት፣ የት ላይ እንደሚለያዩ ነዋሪውም አያውቀውም። ቤቱ አንድ መኝታ አለው። አልጋውን ለኔ ለቆ እሱ ሶፋ ላይ ተኛ። ራቱን ያመጣልን ከላይ ፎቅ የሚኖረው ወንድም ማቴዎስ ነው፤ የሆሳዕና ሰው፣ ፕሮቴስታንት፣ በአረጋውያን መንከባከቢያ የሚሠራ። ከሥራ ውሎ ገብቶ፣ ሩዝ በዶሮ ሠርቶ፣ ደረጃ ወርዶ እንግዳ አበላ። ምግቡ ፊት የጸለየው ጸሎት ረዘም ያለ ስለነበር ሩዙ ትንሽ ቀዝቅዞ ነበር፤ ግን ጣፋጭ ነው።

ዓርብ ሄኖክ ሥራ ገባ። እኔ እግሬን ላፍታታ ብቻዬን ወጣሁ። ፒዮሪያ ሰፊ መንገድ ነው፤ የሚራመድ ሰው ግን የለበትም፣ ሁሉም መኪና ውስጥ ነው። ጎማ ቤት፣ ፀጉር ቤት፣ ገንዘብ መላኪያ፣ የሜክሲኮ ዳቦ ቤት። አውሮፕላኑ ጉልበቴን አስሮት ስለነበር መድኃኒት ቤት ፈለግኩ። ብዙም ሳልርቅ አረንጓዴ መስቀል የተሰቀለበት ቤት አየሁ። መስቀል ያለበት ቤት መድኃኒት ቤት ነው፤ ማንም ያውቃል። ገባሁ።

በሩ ላይ ግዙፍ ፈረንጅ ጥበቃ ፓስፖርት ጠየቀኝ። መድኃኒት ለመግዛት ፓስፖርት! የሠለጠነ አገር ጥንቃቄ ብዬ አደነቅኩ። ውስጡ ንጹሕ ነው፤ በመስታወት ዕቃ የተለያየ ቅጠል ተደርድሯል። የባህል መድኃኒትም አይንቁም ማለት ነው ብዬ ይበልጥ አደነቅኩ። አንድ ጺማም ወጣት ምን ልርዳዎት ሲለኝ ጉልበቴን ይዤ አሳየሁት። ፊቱ በራ፤ ሄዶ ከረሜላ አመጣልኝ። ለጉልበት ከረሜላ? እጄን ስዘረጋ ከኋላዬ በአማርኛ "አባባ፣ ይተዉት፣ አይንኩት" የሚል ሰማሁ።

ዞር ብል የጥበቃ ልብስ የለበሰች የኛ ልጅ ናት። "ይኼ የሐሺሽ ሱቅ ነው" አለችኝ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ። "እዚህ ስቴት ሕዝቡ ድምፅ ሰጥቶ ሕጋዊ አደረገው። እንደ ቢራ ነው የሚሸጠው።"

"አንቺስ እዚህ ምን ትሠሪያለሽ?"

"እኔ በሩን ነው የምጠብቀው አባባ። ጌታን የተቀበልኩ ሰው ነኝ።"

አለቃዋን አስፈቅዳ፣ ክንዴን ይዛ፣ ያንን ሰፊ መንገድ አሻግራ እውነተኛው መድኃኒት ቤት አደረሰችኝ። ቅባቱንም መርጣ ሰጠችኝ። የማን እንግዳ እንደሆንኩና ለምን እንደመጣሁ ስትጠይቀኝ፣ ይህ ሁሉ ደግነቷ ከልብ ነው ብዬ አንድ ሳላስቀር ነገርኳት። ከሐሺሹ ሱቅ ይልቅ የጎዳኝ እሱ ነው።

ቅዳሜ ሽምግልናው ሆነ። በወጉ ሽማግሌ ሦስት ነው፤ ኦሮራ ውስጥ ግን ሦስት ሰው በአንድ ሰዓት ከሥራ ማግኘት ዘበት ነው። ሦስተኛችን አውቶቡስ ነጂ ናቸው፤ ፈረቃቸው አልገጠመም። እኔና ወንድም ማቴዎስ ብቻ ሄድን። ሄኖክ ቻምበርስ ሮድ ላይ፣ አቶ ሀብቶም ቤት በር ላይ፣ መኪናውን ፓርክ አድርጎ እዚያው ውስጥ ቀረ።

አቶ ሀብቶም ቀጭን፣ ሸበቶ፣ ሸሚዛቸው የተተኮሰ ሰው ናቸው። ዳውንታውን፣ መሀል ዴንቨር ማለት ነው፣ የመኪና ማቆሚያ ፎቅ ውስጥ ይሠራሉ። አስመራ ሳሉ ትምህርት ቤት የተማሩት በአማርኛ ነበርና አማርኛቸው ከኔ የጠራ ነው። "ተቀመጡ" አሉን። "ቃል ሳንሰማ አንቀመጥም" አልን እንደ ወጉ። "እንግዲያው ቁሙ" አሉና እሳቸው ተቀመጡ።

ቆሜ ጥያቄዬን አቀረብኩ፤ የልጁን ጨዋነት፣ የሥራ ትጋቱን፣ ዘሩን ሁሉ ተናገርኩ። ስጨርስ አቶ ሀብቶም "ዓርብ ዕለት ፒዮሪያ ላይ ጉልበትዎን ሲታከሙ ነበር አሉ" አሉኝ። ላብ አጠመቀኝ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው፤ ለካ ኦሮራ ሁሉ ሲሰማ እኔ ብቻ ነኝ ያልሰማሁት። ማቴዎስ መሬት መሬቱን ያያል፤ ያቺ የሱቁ ጥበቃ ልጅ የሱ ቤተ ክርስቲያን ሰው ናት። ጭራሽ ከምዋሽ ብዬ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ መስቀሉን፣ ቅጠሉን፣ ከረሜላውን። ባለቤታቸው ወይዘሮ ለተብርሃን ወጥ ቤት ሆነው ሳቃቸውን መያዝ አቃታቸው። አቶ ሀብቶም ግን አልሳቁም።

"ልጁን አልጠላውም" አሉኝ። "ግን አንድ ነገር ይመልሱልኝ። የሱ አባት በእናንተ በኩል ሞተ። የኔ ወንድም ተስፋይ በእኛ በኩል ሞተ። ነገ ልጅ ይወለዳል። ያ ልጅ አድጎ፣ 'አያቴን ማን ገደለው? የአንተንስ ወንድም ማን ገደለው?' ሲለኝ ምን ብዬ ልንገረው?"

ይህን ያህል ዓመት ሄኖክን ሳሳድግ እሱም ጠይቆኝ ያውቃል፤ ያኔም "ጦርነት ነው የገደለው" ብዬ ነው ያለፍኩት።

"መልሱን ይዘው ማክሰኞ ይምጡ" አሉኝ። "ሰኞ ዴይ ኦፍ ነኝ፣ ሥራ አልገባም፤ ከተማውን አሳይዎታለሁ። ሐሺሽ ቤት ብቻ አይተው መመለስ የለብዎትም።"

እሑድ ሰናይት ሄኖክ ቤት መጣች። እዚያው የተወለደች ልጅ ናት፤ አማርኛዋ ከእንግሊዝኛ ጋር ተቃቅፎ ነው የሚሄደው። ጫማዋን በር ላይ አውልቃ ሦስት ጊዜ ሳመችኝ። "ጋሼ፣ አባቢ ኖ ካለ አይ ካንት" አለችኝ። "አሜሪካ ነው፣ ዝም ብለሽ አግቢ ይሉኛል ጓደኞቼ። ግን ስለ አንክል ተስፋይ ሲያወራ ፊቱን አይቼዋለሁ። በሱ ላይ አላደርግበትም። ሄኖክንም አይ ቶልድ ሂም።" ሄኖክ ጥግ ላይ ቆሞ የመኪና ቁልፉን ያገላብጣል። ማክሰኞ የምለውን ካላገኘሁ ነገሩ አከተመ ማለት ነው።

ሰኞ አቶ ሀብቶም በማለዳ ወሰዱኝ። መንገድ ላይ ዕድሜ ተጠያየቅን፤ እኩያ ነን። "እንግዲያው እርስዎ መባባሉን እንተወው፤ አድካሚ ነው" አለኝ፤ ተዉነው። ዳውንታውን እሱ በሚሠራበት ፎቅ ፓርክ አድርገን በእግር ወጣን። ሀብቶም ሲራመድ ያወራል። ዴንቨር ወርቅ ፍለጋ በመጡ ሰዎች የተቆረቆረች ናት፤ ከተማዋን ደረቅ የወንዝ አሸዋ ላይ ሠሩት። የአገሩ ነባር ሰዎች "ይህ ወንዝ ይሞላል" ቢሏቸው አልሰሙም፤ አንድ ቀን ሞላና ማዘጋጃ ቤቱን ሳይቀር ጠራርጎ ወሰደው። እኛም አገር እንዲህ ያለ ማዘጋጃ ቤት አይጠፋም። ከዚያ ትልቁ የባቡር ሐዲድ ሲሠራ ዴንቨርን ትቶ በሰሜን በኩል አለፈ። ሰዉ ከተማችን ሞተች ብሎ አላለቀሰም፤ አዋጥቶ እስከ ዋናው መስመር የሚደርስ የራሱን ሐዲድ ዘረጋ።

"ኦሎምፒክም ተሰጥቷቸው እምቢ ብለዋል" አለኝ።

"ምን አሉ?"

"የክረምቱን ኦሎምፒክ። አዘጋጁ ተብለው ተመርጠው፣ ሕዝቡ ድምፅ ሰጥቶ አንፈልግም አለ። እንዲህ ያደረገ ሌላ ከተማ የለም።"

ኦሎምፒክ ሲመጣ ሥራ ፈትቶ ቴሌቪዥን ፊት የሚሰፍር ሕዝብ ልጅ ነኝና ይህን ለማመን ጊዜ ወሰደብኝ። አሁንም ብዙ አላመንኩም።

የስቴቱ ምክር ቤት ጉልላቱ ወርቅ የተለበጠ ነው። ሀብቶም ግን ወደ ጉልላቱ ቀና ብሎም አላየ፤ በምዕራብ በኩል ወዳለው የድንጋይ ደረጃ ወሰደኝ። አንዱ ደረጃ ላይ ከባሕር ጠለል በላይ አንድ ማይል የሚል ጽሑፍ ተቀርጿል። ቱሪስቶች ፎቶ ይነሡበታል። "አሁን ወደ ላይ ና" አለኝ። ከፍ ብሎ ሌላ ደረጃ ላይ ክብ የነሐስ ምልክት አለ። "የኮሌጅ ተማሪዎች እንደገና ለኩና 'ያኛው ስሕተት ነው፣ ማይሉ እዚህ ነው' አሉ። አሁን ውረድ።" ከሁለቱም ዝቅ ብሎ ሦስተኛ ምልክት አለ። በኋላ በተሻለ መሣሪያ ሲለካ ደግሞ እዚያ ሆነ።

"ሦስት ጊዜ ለኩት" አለ ሀብቶም። "የፊተኛውን ግን አልፋቁትም። ሦስቱም አሉ። አንድም ሰው አልሞተበትም።"

ሁለታችንም ደረጃው ላይ ተቀመጥን። የኛዎቹ በምን እንደተጣሉ ሁላችሁም ታውቃላችሁ፤ ድንበሩ እዚህ ነው፣ የለም እዚያ ነው ተባብለው ነው። ስለ መኮንን ነገርኩት። የጦሩ ሹፌር እንደነበር፣ ሲዘፍን ድምፁ እንደማያምር፣ መርዶው ሲመጣ እናታችን "ሬሳውስ?" ብላ እንደጠየቀችና ማንም እንዳልመለሰላት። ይህን ያህል ዓመት ለማንም ያልነገርኩትን ለዚያ ሰው ነገርኩት፤ አለቀስኩም። ሀብቶም ትከሻዬን ያዘ። "የተስፋይንም የት እንደሆነ አናውቅም" አለኝ። "እናቴ እስክትሞት በር አታስዘጋም ነበር።"

ከዚያ እዚያው ግቢ ወዳለ የወታደር ሐውልት ወሰደኝ። ከሥሩ የስቴቱ ጦር የተዋጋባቸው ቦታዎች ስም ተቀርጿል። ሀብቶም አንዱ ላይ ጣቱን አሳረፈ። "ይህኛው ውጊያ አልነበረም። ሳንድ ክሪክ ይባላል። በሰላም የሰፈሩ ነባር ሰዎች ላይ ነው የዘመቱት፤ የሞተው አብዛኛው ሴት፣ ሕፃንና ሽማግሌ ነው።" ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል፤ ድንጋይም እንደዚያው ነው። ግን ከፊት ለፊቱ ሌላ ጽሑፍ ቆሟል፤ ከብዙ ዘመን በኋላ የመጡት ያስቀመጡት፤ የሆነውን በትክክል ይናገራል። ሀብቶም ቃል በቃል ተረጎመልኝ። ሁለት ጊዜ አስደገምኩት።

ምሳ አንዲት የሜክሲኮ ሴት ምግብ ቤት በላን። ዴንቨሮች ከአረንጓዴ ቃሪያ የሚሠሩት ወጥ መሰል ነገር አላቸው፤ ዳቦውም፣ እንቁላሉም፣ ሥጋውም ላይ ይደፉታል። ከኛ ዳጣ ጋር ሲተያይ ያቃጥላል ለማለት አይደፈርም። ሴትየዋ እንዳላላበኝ አይታ ከጓዳ ሌላ አመጣች። እሱ አላበኝ፤ ሀብቶም ለመጀመሪያ ጊዜ የሳቀው ያኔ ነው።

ሊመልሰኝ ሲል አንድ ሰፊ መናፈሻ ውስጥ አሳለፈኝ። ወጣቶች ኳስ ይጫወታሉ፣ ውሾች ይሮጣሉ። ድሮ የከተማው መቃብር ነበር አለኝ፤ ወደ ሌላ ቦታ ሲያዛውሩ ሥራው ተበላሽቶ ብዙ ሙታን እዚያው ከሣሩ ሥር ቀርተዋል። ሰውነቴን ቀፈፈኝ። ሀብቶም ግን በእረፍቱ ቀን እየመጣ ይቀመጥበታል። "ተስፋይም አንድ ቦታ ላይ ሣር በቅሎበት፣ ከብት የሚጠብቅ ልጅ ይጫወትበት ይሆናል እላለሁ" አለኝ። "እዚህ ስቀመጥ ይቀለኛል።" እኔም ከጎኑ ተቀመጥኩ።

ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ተመልሰን ሄድን። አውቶቡስ ነጂው ሽማግሌም የሥራ ልብሳቸውን እንደለበሱ ደረሱና ሦስት ሆንን። ሰናይት ከናቷ ጋር ወጥ ቤቱ በር ላይ ቆማለች። ሄኖክ ታች መኪናው ውስጥ ነው። ሀብቶም ሰላምታ ሰጥቶ በቀጥታ "ምን ብዬ ልንገረው?" አለኝ።

"አንተ ብቻህን አትነግረውም" አልኩት። "አንተ የተስፋይን ትነግረዋለህ፣ እኔ የመኮንንን እነግረዋለሁ። ጎን ለጎን ተቀምጠን። አንዳችን የሌላውን አናርምም። 'ማን ገደላቸው?' ካለን አናውቅም እንለዋለን፤ እውነቱ እሱ ነውና። 'በምን ምክንያት?' ካለን ደግሞ የምናውቀውን ሁሉ፣ የሚያሳፍረውንም ጭምር እንነግረዋለን። እኔ ለሄኖክ ደፍሬ ያልነገርኩትን ነው የምነግረው።"

ሀብቶም እጆቹን አሻሸ። ወንድም ማቴዎስ ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል፤ እየጸለየ ነው።

"አንተ ደብረ ብርሃን ነህ" አለኝ በመጨረሻ።

"አዎ።"

"ይህ ደግሞ በስልክ የሚነገር አይደለም።"

"አይደለም።"

"እንግዲያው የሚወለደው ልጅ ነፍስ ሲያውቅ እዚህ መገኘት አለብህ። እስከዚያ እንዳትሞትብኝ።"

"አልሞትም" አልኩት። ቃሌን ከሰጠሁ በኋላ፣ ወይዘሮ ለተብርሃን እልል ሲሉ ነው ልጅቷን እንደሰጠን የገባኝ።